የድንቡሼ ካፖርት

ፊልጶስ በሕይወቱ ልክ የሆነ ልብስ ሰፍቶ አያውቅም። ይህን የምለው ለሐሜት አይደለም፤ ቡታጅራ ውስጥ ልጁን ትምህርት ቤት ያስገባ ሁሉ የሚያውቀው ነው። እሱ የሰፋው ዩኒፎርም እጅጌው ጣት ይውጣል፣ ሱሪው መሬት ይጠርጋል። አስተማሪ ሳለሁ ሰሌዳ ላይ ወጥተው ሲጽፉ ጠመኔው እጅጌያቸው ውስጥ የሚጠፋባቸው ልጆች ነበሩኝ፤ ማን እንደሰፋላቸው መጠየቅ እንኳ አያስፈልገኝም ነበር። እናቶቹ ግን ይወዱታል። ልጁ ሲረዝም ቅምቅማቱን ተርትረው ሌላ ዓመት ያለብሱታላ!

"ሰውነት እኮ እንደዛሬው አይቀርም ቲቸር፣" ይለኛል ሳማርረው። "እኔ የምሰፋው ለሚመጣው ነው።"

ስሜ ዓለምዘውድ ነው። ከደብረ ማርቆስ ተመድቤ መጥቼ፣ እዚሁ አግብቼ፣ እዚሁ ባሌን ቀብሬ፣ እዚሁ ጡረታ ወጣሁ። እኔ ነገር አልወድም፤ ነገር ግን እኔን ይወደኛል። ስለዚህ የፊልጶስ ሲንገር የስፌት መኪና ከተቀመጠበት ከሀሊሜ ጨርቅ ቤት በረንዳ ሳልፍ አንድ ነገር ሳልናገረው አላልፍም ነበር።

ሚስቱ ፀሐይ የታመመች ጊዜ ግን ዝም አሰኝቶኛል። አንድ እሑድ ከጸሎት ቤት ስትወጣ አገኘኋት። ከስታ ከስታ ቀሚሷ ከትከሻዋ እየወረደ አስቸግሯት በመርፌ ቁልፍ አያይዛዋለች።

"አንቺ፣ ባልሽ ልብስ ሰፊ አይደለም እንዴ?" አልኳት።

ሳቅ አለች። "አጥብብልኝ እለዋለሁ። 'ስትድኚ ትወፍሪ የለም ወይ? ያኔ መልሼ ልለቀው?' ይለኛል።"

አልዳነችም። ፊልጶስ የቀሚሶቿን ስፌት ሳይነካ፣ እንደሰፉባት ሞተች። ፊልጶስ ከሐዘን ተነስቶ ወደ ሲንገሩ ሲመለስ አሁንስ እጁ ይለወጥ ይሆናል ብዬ ነበር። ምንም አልተለወጠም። የዚያን ዓመት ልጆችም በእጅጌያቸው አፍንጫቸውን እየጠረጉ ክፍል ገቡ።

እኔ ደግሞ ድንቡሼ ነበረችኝ። ድንቡሼ የባሌ፣ የበቀለ፣ ውሻ ናት፤ ከወልቂጤ በካርቶን ይዟት ሲመጣ ክብ ነገር ስለነበረች ስሟን እሱ ነው ያወጣላት። ካደገችም በኋላ ከድመት ብዙ አትበልጥም። በቀለ ካለፈ ወዲህ የምትተኛው እሱ ይቀመጥበት በነበረው ወንበር ላይ ነው። የበሩን ቁልፍ ሳዞር ከውስጥ ጅራቷ ወንበሩን ሲመታ እሰማለሁ። ቤቴ ውስጥ እኔን የሚጠብቅ ሌላ ነገር አልነበረም፤ ሬዲዮ እንደሆነ ሰው አይሆን።

መስከረም ላይ ፀጉሯ ይረግፍ ጀመር። ኅዳር ሲገባና የዘቢዳር ተራራ ነፋስ ወደ ከተማው ሲወርድ ጀርባዋ መላጣ ሆኖ፣ የጎን አጥንቷ ወጥቶ፣ ቀን በፀሐይ እንኳ ትንቀጠቀጣለች። የእንስሳት ሐኪሙ ዳዊት መርፌ ወጋትና እንዲህ አለኝ፦

"ዕድሜዋ ገፍቷል፣ አልዋሽዎትም። ብርዱን ካሳለፍናት ግን ትቆይልዎታለች። ልብስ ያሰፉላት። ከገላዋ ጥብቅ ያለ ይሁን፤ ከሰፋ ብርድ ያስገባል፣ እሷም ሾልካ ትወጣለች።"

ሌሎቹ ልብስ ሰፊዎች ሳቁብኝ። ሰው ያልለበሰውን ለውሻ? አሉኝ። ያልሳቀው ፊልጶስ ብቻ ነው። ድንቡሼን ከነጠላዬ ውስጥ ተቀብሎ፣ ጨርቅ የሚቆርጥበት ጠረጴዛ ላይ አቆማትና ሜትሩን ከአንገቱ ሳበ።

"አስተግፊሩላህ!" ሀሊሜ ከሱቋ ውስጥ ጮኸች። "ፊልጶስ፣ በዚያ ሜትር ነገ እኔን ልትለካበት ነው?"

ሜትሩን መልሶ አንገቱ ላይ ጣለና ወፍራም ክር አወጣ። አንገቷን በክሩ ዞረና ልኩ ላይ ቋጠረ። ደረቷን ዞረና ቋጠረ። ከአንገቷ እስከ ጅራቷ ለክቶ ሦስተኛውን ቋጠረ። ድንቡሼ እየተንቀጠቀጠች እጁን ትልሰዋለች። ሀሊሜ ጠጋ ሳትል ከብርድ ልብስ የተረፈ ግራጫ ቁራጭ ከሩቅ ወረወረችልኝ። "ይሄ ይሞቃታል። ውሻ ብትሆንም ነፍስ ናት፣ ወላሂ አሳዘነችኝ!" አለች።

ይሄኔ ነው ፊልጶስን ያየሁት። እያንዳንዱን ቋጠሮ እየፈታ፣ ሁለት ጣት እያራቀ መልሶ ይቋጥራል።

"ምን እያደረግህ ነው?"

"ትንሽ ነው ቲቸር። ስትድን ትወፍራለች።"

"ያረጀች ውሻ ናት! ሐኪሙ ጥብቅ ይበል ብሏል። የምለምንህ ለዛሬ ነው፣ ለዛሬ ብቻ ስፋልኝ።"

"እንዲህ አይበሉ፣" አለኝ ክሩን እየጠቀለለ። ድምፁ ተለውጦ ስለነበር ተውኩት።

ካፖርቱ ሲደርስ ያምር ነበር። ገበር አለው፣ ሆዷ ላይ በቁልፍ ይዘጋል፣ አንገቱ እንኳ ኮሌታ ተሠርቶለታል። ድንቡሼ ላይ ሲሆን ግን ጆንያ ነው፤ ሌላ አንድ ድንቡሼ ያስገባል። መልሼ ወሰድኩለት። አንዱን ቁልፍ ትንሽ ፈቀቅ አድርጎ ሰጠኝ። እንደገና መለስኩለት።

"እባክህ ቁረጠው።"

"መቀስ ከገባበት እኮ አይመለስም ቲቸር። ትንሽ ይታገሱ፣ ትሞላዋለች።"

አንገቱን ደፍቶ ፔዳሉን ረገጠ። እኔም ካፖርቱን በሻሼ ወገቧ ላይ እያሰርኩ ማስተኛት ጀመርኩ። ሻሹ ሲጠብቅ ታቃስታለች፣ ሲላላ ትሾልካለች።

አንድ ጧት ስነሳ ካፖርቱ ወንበሩ ሥር ወድቋል። ድንቡሼ በሩ ሥር፣ ነፋስ ከሚገባበት ሲሚንቶ ላይ፣ ራቁቷን ተጠቅልላለች። ስነካት ድንጋይ ሆናለች። ለምን ወደ በሩ እንደሄደች አላውቅም። እዚያው መሬቱ ላይ ተቀመጥኩና ለበቀለ ያላለቀስኩትን ሁሉ አለቀስኩ። ከዚህ በኋላ ቁልፍ ባዞር ባላዞር ለማን ምን ሊሆን ነው?

ካፖርቱን ይዤ ሄጄ ፊልጶስ ፊት ወረወርኩት። "ሞላችልህ?" አልኩት። "ወፈረችልህ?" ሀሊሜ ወጥታ እጄን ያዘችኝ። እሱ ከሲንገሩ ተነሳ። ካፖርቱን አንስቶ፣ መቀሱን፣ መርፌ ከነክሩና ያንን የለካበትን ክር በኪሱ ከትቶ፣ ሲንገሩን ሳይሸፍን ተከተለኝ።

ቤቴ ገብቶ አጠገቧ ተንበረከከ። ክሩን በደረቷ አዞረ። የድሮው ቋጠሮ ከገላዋ ርቆ ቀረ። ፈታውና ልኳ ላይ ቋጠረ፤ ሁለቱን ጣት አልጨመረም። ከዚያ ካፖርቱን ገልብጦ ትርፉን በሙሉ በመቀስ ቆረጠው። ቁራጮቹ ጉልበቱ ላይ ይወድቃሉ። በእጁ ሰፍቶ፣ እግሯን እያቃና አለበሳትና ቁልፎቹን አንድ በአንድ ዘጋ።

"አሁን ልክ ሆነ፣" አለ።

ስንት ዓመት ከአፉ ልሰማው የፈለግሁት ቃል ነበር። ሳልሰማው በሞትኩ!

ከጓሮ እንሰቱ ሥር አብረን ቀበርናት። አፈሩን እየመለሰ፣ ወደ እኔ ሳያይ፣ "ፀሐይ ለምናኝ ነበር፣" አለ። "ይበርደኛል ብላኝ ነበር።" ያቺን ቀሚስ በመርፌ ቁልፍ አያይዛ ስትስቅ ታየችኝ።

ነሐሴ ላይ የዩኒፎርም ወረፋ ሲጀመር በዚያ በረንዳ አለፍኩ። ጎረቤቴ ሳምሪ ልጇን አንደኛ ክፍል ልታስገባ ይዛው ቆማለች። ፊልጶስ ለካው፣ ጨርቁ ላይ በሳሙና ስባሪ መስመር አሰመረና መቀሱን አነሳ። ሳምሪ መስመሩን አየች።

"ጋሽ ፊልጶስ፣ ምንም አልተውክለትም እኮ!"

"ልኩ ነው።"

"እንዴ! ልጁ አያድግም?"

"እንጃ፣" አላት።

ሳምሪ ቀልድ መስሏት ሳቀች። እኔ ግን ፊቱን አየሁት፤ እየቀለደ አልነበረም።

"ፊልጶስ፣" አልኩ ጠጋ ብዬ፣ "ጨምርለት። ሁለት ጣት ጨምርለት፣ እባክህ።"

ቀና ብሎ አየኝ። መቀሱ ግን ጨርቁ ውስጥ ገብቶ ነበር።