የድሮው ባስ በር

ነገሩ ከሆነ ሁለት ዓመት ሊሞላው ነው። እስካሁን ሃይዌይ ላይ ዳር ይዞ የቆመ ባስ ሳይ መስመር ቀይሬ ራቅ ብዬ አልፋለሁ። የማልረሳው ግን በፍርሃቱ ብቻ አይደለም።

የአክስቴ ልጅ ሲያገባ ነው። ቤተሰቡን ከሲልቨር ስፕሪንግ፣ ከወንዙ ማዶ አሌክሳንድሪያ ወዳለው አዳራሽ የሚወስድ ባስ ተከራየ። እንግሊዝ አገር የተሠራ፣ ግንባሩ ክብ የሆነ፣ የጥንት የሽርሽር ባስ ነው። ባለቤቱም ሹፌሩም ጋሽ ሙሉጌታ የሚባሉ ጡረታ የወጡ መካኒክ ናቸው። ከመነሳታችን በፊት ታሪኩን አጫወቱን። በደህና ዘመኑ እንግሊዞችን ወደ ባሕር ዳርቻ ሲያመላልስ ኖሯል። ኋላ አንድ ገበሬ ዶሮ አሰፈረበት። ከዚያ አንድ አሮጌ መኪና የሚሰበስብ ሰው በመርከብ አስመጣው፤ እሳቸው ገዝተው በእጃቸው አደሱት።

"እነሱ በግራ ስለሚነዱ መሪው በቀኝ፣ በሩ በግራ ነው" አሉን። "እዚህ አገር እንግዲህ በቀኝ ስለሚነዳ የሚከፈተው መኪና ወደሚያልፍበት ነው። እኔ ሳልፈቅድ ማንም እንዳይወርድ!"

ሳቅን።

እናቴ ጉልበቷን ስለሚያማት በሩ አጠገብ ተቀመጠች፤ እኔ ከጎኗ።

ከተማውን በሚዞረው ሃይዌይ፣ ቤልትዌይ ላይ፣ የወንዙ ድልድይ ጋ ሳንደርስ፣ የተቃጠለ ጎማ ሸተተን። ወዲያው ከኋላ ጭስ ገባ። "እሳት!" አለ አንዱ። ጋሽ ሙሉጌታ ቀኝ ዳር ይዘው አቆሙ። ሕፃናት ያለቅሳሉ፣ አንዱ 911 ኮል ያደርጋል፣ ሰው ሁሉ ወደ ፊት ይገፋል።

"ልጄ፣ ታፈንኩ" አለችኝ እናቴ።

ሌላ ነገር አላሰብኩም። እጀታውን ያዝኩና በሩን ከፈትኩት።

እናቴ አንድ እግሯን ደረጃው ላይ ስታሳርፍ ትልቅ ትራክ እየጮኸ አጠገቧ አለፈ። ነፋሱ ሻሿን ገፎ ወሰደው። ባሱ ተናወጠ። እኔ የበሩን እጀታ እንደያዝኩ ነበርኩ። ከኋላችን የነበረች ሜሮን የምትባል የሙሽራዋ ጓደኛ ናት እናቴን ወገቧን ይዛ ወደ ውስጥ የጎተተቻት። ሁለቱም ወለሉ ላይ ወደቁ።

ጋሽ ሙሉጌታ ሰዉን ጥሰው ሄደው በቀኝ በኩል ያለውን የአደጋ ጊዜ በር ከፈቱ። "በዚህ! በዚህ ወደ ሣሩ!" ሁላችንም በዚያ ወረድን።

ለካ እሳት አልነበረም። ፍሬኑ ተጣብቆ ነው የጨሰው። የተጎዳ ሰውም የለም፤ ሰርጉ ትንሽ ዘግይቶ ተጀመረ።

እናቴ ግን ከዚያን ቀን ጀምሮ ላገኘችው ሁሉ "ይቺ ልጄ በሩን ባትከፍትልኝ ታፍኜ ሞቼ ነበር" ትላለች። አንድ ቀን ሜሮን ፊት እንዲሁ አለች። ሜሮን አየት አድርጋኝ ፊቷን አዞረች። እናቴ ስትመርቀኝ አሜን እላለሁ፤ አንገቴን ደፍቼ።

ይህን የጻፍኩት አታነበውም ብዬ ነው። ምናልባት ካነበብሽው ግን፣ እማዬ፣ ልገድልሽ ነበር። ይቅር በይኝ።