ሊን «ቻ» ስትለኝ

ይኼን ነገር ለሰው ነግሬ አላውቅም። ለንስሐ አባቴ እንኳ ሌላ ሌላውን እየቀባጠርኩ እሱን ዘልዬዋለሁ። እኔ ቀልደኛዋ፣ እኔ ለፍላፊዋ፣ ይቺን አንዷን ግን አፌ እምቢ አለኝ። እስቲ እናንተ ስሙኝ።

እዚህ ሆላንድ አገር፣ ዴን ሃግ ከተማ፣ ከቤቴ ፊት ለፊት ሊን የምትባል የቻይና ባልቴት ነበረች። የሁለታችንም ደችኛ ስብርብር ያለ ነው፤ ግን እንግባባለን። በሬን ኳ ኳ አድርጋ «ቻ?» ትለኛለች። በነሱ አፍ ሻይ ማለቷ ነው። እኔ ደግሞ የኛን መሰናበቻ አስመስዬ «ቻው፣ ቻው!» ብዬ በሩን ልዘጋባት ስል በሳቅ ፍርስ ትላለች።

ሻይዋ አረንጓዴ ቅጠል ነው። ስኳር የለ፣ ቅመም የለ። ውሃውን ታፈላና ቅጠሉ ላይ ከመጨመሯ በፊት ታቆየዋለች። «ይረፍ» ትላለች።

«ውሃ ደግሞ ምን ሠርቶ ደከመው?» እላታለሁ።

ቅጠሉን አገሯ ተራራው ላይ የምትለቅመው እህቷ ናት። በጋለ ብረት ድስት ላይ በባዶ እጇ እያሸች ታደርቀዋለች፤ እናታቸው ያስተማረቻቸው ነው፣ እናታቸውንም የእሷ እናት። እህቲቱ ሞተች። ከዚያ ወዲያ የሚለቅም የለም። የቀረው አንድ ቆርቆሮ ነበር።

ሊን ታማ ሆስፒታል ስትገባ ቆርቆሮውን አስታቀፈችኝ። «ያዢልኝ፣ ከእህቴ አልለይም» አለች። እሺ አልኩ። እኔ ነኝ እሺ ያልኩት።

የማርያም ማኅበር ተራው የኔ ሆነና ሴቶቹ ከሮተርዳም፣ ከአምስተርዳም መጡ። ሻይ ቅጠል ጎድሎብኝ ነበር? ኧረ አልጎደለም! ለጨዋታ ነው። የቻይና ሻይ አጠጥቼ ላስደንቃቸው ብዬ፣ ቆርቆሮውን እንዳለ ትልቁ ድስት ውስጥ ገልብጬ ከቀረፋና ከቅርንፉድ ጋር አንተከተክኩት። እሬት ሆነ።

«እማማ፣ ጌሾ ነው እንዴ የሚያጠጡን?» አለች አንዷ።

«ጠላው እስኪደርስ ታገሺ!» አልኳት።

ቤቱ በሳቅ ሞላ። እኔም እየሳቅኩ ድስቱን ሲንክ ውስጥ ደፋሁት። እየሳቅኩ! የሟች እህቷን እጅ ነበር የደፋሁት።

ከዚያ በትራም ልጠይቃት ሄድኩ። ተመንምና አልጋው ውጧታል። ስታየኝ ፊቷ በራ። እጇን ዘርግታ «ቻ» አለችኝ።

ገብቶኛል። አልገባሽም ይሆናል እንዳትሉኝ። ከአገሯ ሻይ አንድ ጉንጭ ነው የፈለገችው። «ሊንዬ፣ ደፋሁት» ብላት ምን ነበረበት? አልጋዋ ሥር ተንበርክኬ ባለቅስስ? እኔ ግን ምን አደረግሁ? ቀልዳችንን አወጣሁ። «ቻው፣ ቻው!» አልኩና እጄን እያወዛወዝኩ ወጣሁ። አልሳቀችም። «ቻ» የሚለው ድምጿ ኮሪደሩ ድረስ ተከተለኝ። ዞር አላልኩም።

በማግስቱ ሞተች።

ልጇ፣ እዚሁ ያደገችው፣ ቆርቆሮውን ልትወስድ መጣች። ከፍታ ባዶውን አየችና ዓይኗ እንባ ሞላ።

«አጠጥተሻታል አይደል?»

«አዎ» አልኩ። እኔ ነኝ አዎ ያልኩት። አንገቴ ላይ ተጠምጥማ አለቀሰች።

ለማን ልናዘዝ እንግዲህ? ሊን የለች። ልጅቷን እውነቱን ብነግራት የቀራትን መጽናኛ ልነጥቃት ነው፤ ዝም ብል ደግሞ ውሸቴን ታቅፋ ትኖራለች። አርጅቼ ነው አልልም። ቀልድ ነበር አልልም። ይቅር በሉኝም አልላችሁም። ልጅቷ አሁንም እየደወለች ታመሰግነኛለች፤ እኔም ምንም እንዳልሠራ ሰው እየሳቅኩ አወራታለሁ።