የማሳጎ ሳቅ

እኛ አኒሜሽን ሠሪዎች ከጠረጴዛችን ላይ መስታወት አይጠፋም። የምንስለው ሰው እንዴት እንደሚስቅ ለማወቅ የራሳችንን ጥርስ ነው የምናየው። ኦጊኩቦ ሰፈር ወዳለው ስቱዲዮአችን የመጣ እንግዳ ሁሉም ሰው አፉን ሲያጣምም አይቶ ይደነግጣል። ቺዙሩ ከጎኔ ተቀምጣ ዕድሜዋን ሙሉ አፏን ስታጣምም የኖረች፣ ዝምተኛና ግትር ሴት ናት።

እናቷ ወይዘሮ ፉሚዬ ዓይናቸው እየደከመ ሲሄድ፣ "ጨርሶ ሳይጨልምብኝ ማሳጎን ስትስቅ አሳዪኝ" ብለው ለመኗት። ማሳጎ በወጣትነቷ የሞተች የቺዙሩ ታላቅ እህት ናት። የቀረው ፎቶ አንድ ብቻ ነው፤ እሱም ኮስተር ያለ የትምህርት ቤት ፎቶ። ቺዙሩ በእረፍት ቀኖቿ አጭር ፊልም ጀመረች። ታሪክ የለውም፤ በከሰል የተሳለ ፊት ዞር ይልና ቀስ እያለ ይስቃል፣ በቃ። ፎቶው ግን ስለማይስቅ ሳቁን መስታወቱን እያየች ሳለችው።

ስትጨርስ ሥዕሎቹ ያሉባቸውን ወረቀቶች ተቀብዬ በጣቶቼ መሃል አገላበጥኳቸው። የመጀመሪያው ላይ ማሳጎ ነበረች።

"መጨረሻው ላይ ያለሽው እኮ አንቺ ነሽ" አልኳት።

"ሂጂ ዓይንሽን ታጠቢ" አለችኝ። ከዚያ ራሷ አገላበጠችውና ፊቷ አመድ መሰለ። እንደገና እንዳትስለው የእናቷ ዓይን ጊዜ አይሰጥም።

ፊልሙ በታየበት ትንሽ አዳራሽ አንድ መነጽራም ተመልካች ተነስቶ፣ የአንዱ ማንነት ወደ ሌላው ሲፈስ እንዲህ ረቂቅ ሆኖ አይቼ አላውቅም ሲል አደነቀ። ቺዙሩ መሬት መሬቱን እያየች አመሰገነችው። ሰውዬው የሚያሞግስላት ስህተቷን ነበር።

ወይዘሮ ፉሚዬ ከስክሪኑ ሥር ተቀምጠው ያለቅሳሉ። "ረስቼው ነበር። ለካ እንዲህ ነበር የምትስቀው" አሉ። 

ባለፈው ቤታቸው ሄጄ ነበር። ለሟቾች በሚጸለይበት ቁምሳጥን ውስጥ የማሳጎ ፎቶ ተነስቶ በምትኩ የፊልሙ የመጨረሻ ወረቀት ቆሟል። እናትየው ትኩስ ሩዝ ከፊቱ አኖሩና ትንሿን ደወል መቱ። ቺዙሩ የራሷ ፊት እንደ ሙት ሲጸለይለት እያየች ቁርሷን አልነካችም።

"ንገሪያቸው እንጂ" አልኳት በሹክሹክታ።

"ምን ብዬ? የቀረችሽን ማሳጎን አጠፋሁብሽ ብዬ?"

ከዚያ ፊልም ወዲህ ሳቋ እንዳያሳብቅባት እናቷ ፊት ጥርሷ ታይቶ አያውቅም። እሳቸው ወደ እሷ ዞሩና ዓይናቸውን ጨፈን ከፈት እያደረጉ ተመለከቷት።

"አንቺ ልጅ ምን ሆነሽ ነው ፊትሽ የማይፈታው? እስቲ ከእህትሽ ተማሪ።"