አጎቴ እኔን አምነው ያሰመሯት መስመር

ዛሬ የአጎቴ አርባ ነው። ዕድሜያቸውን ከብቸና ሞጣ የጭነት መኪና ሲነዱ ኖረው እዚያው መንገድ ላይ ቀሩ። መካኒካቸው እኔ ነበርኩ።

ከእያንዳንዱ ምልልስ በኋላ ጋራዡ ግድግዳ ላይ፣ ከጃንሆይ ምስል ሥር፣ በከሰል አንድ መስመር ያሰምሩ ነበር። መስመሮቹ መስኮቱ ጋ ሲደርሱ ጭነቱን የሚሸከመውን ባሌስትራ፣ ደህና ቢመስልም፣ አስወልቀው በአዲስ ያስቀይሩኛል። የቀደሙት ስንት ምልልስ ችለው እንደተሰበሩ ያውቃሉ።

«ኮረኮንቹ ሲያጥፈው ሲያቃናው ብረቱ ከውስጥ ይደክማል። ዓይን የሚያየው ከተሰበረ በኋላ ነው» ይሉኝ ነበር።

በመጨረሻው ጊዜ አውልቄ በናፍጣ አጠብኩት። ፀሐይ ላይ አገላብጬ ባየው አንድም ስንጥቅ የለውም። አዲሱ ገና ከአዲስ አበባ አልመጣም፤ ባለ ጭነቶቹ ደጃፍ ቆመው ይጮሁብኛል። ያንኑ መልሼ ገጠምኩት።

«ቀየርከው?» አሉኝ።

«አዎ ጋሼ፣ ቀይሬዋለሁ።»

«ተባረክ።»

ሞጣ ደርሰው ተመለሱና ከሞላው ረድፍ በታች አዲስ ረድፍ በአንዲት መስመር ጀመሩ። በሁለተኛው ጉዞ ባሌስትራው ቁልቁለት ላይ ተሰበረ፤ መኪናው ገደል ገባ።

ለቀስተኛው ሁሉ መንገዱን ረገመ። ያቺ መስመር አሁንም ግድግዳው ላይ ብቻዋን አለች። ጋሼ፣ አልቀየርኩትም።