ከራህማ የወሰድሁት ሲዲ

ይህን ለነፍስ አባቴ እንኳ ተናግሬው አላውቅም። ሲዲ ሰረቅሁ ብላቸው ይስቁብኛል ብዬ ፈራሁ። እናንተ ብትስቁም ሳቁ፤ እኔ ግን ዛሬ እናገራለሁ።

ደብረ ማርቆስ አሥራ አንደኛ ክፍል ስማር፣ ከአንድ የይጁቤ ከተማ ጨርቅ ነጋዴ ልጆች፣ ከክፍል ጓደኛዬ ከራህማና ከታናሽ እህቷ ከሉባባ ጋር አንድ ቤት ተከራይተን እንኖር ነበር። እኔንና ራህማን የአንድ የኮሪያ ዘፋኞች ቡድን ነገር አሳብዶናል። እኔ ከቪዲዮ ቤት የተቀዳ፣ መሀል ላይ እየተቆራረጠ የሚያናድድ ሲዲ እሰበስባለሁ። ለራህማ ግን ውጭ አገር የምትሠራው አክስቷ ዋናውን ላከችላት፤ ቡድኑ ስታዲየም ሞልቶ የዘፈነበትን፣ ስሙ የገነነበትን ኮንሰርት፣ በሦስት ሲዲ፣ ከነፎቶ መጽሐፉ።

ቀናሁ። ሌላ ስም የለውም። ራህማ ቅዳሜ ሉባባን ከእኔ ጋር ትታ ወደ ቤተሰቦቿ ስትሄድ ሁለተኛውን ሲዲ ወሰድሁ። አስቀድቼ ልመልሰው ነበር። የቪዲዮ ቤቱ ማሽን አላነብ አለ። እሑድ ሌላ ቤት ወሰድሁት፤ እዚያም እንቢ አለ። ተናድጄ ስመለስ ራህማ ቀድማኝ ገብታ የሁለተኛውን ሲዲ ባዶ ማቀፊያ ይዛ ቆማለች። ሲዲው ቦርሳዬ ውስጥ ነበር። አውጥቼ መስጠት ምን ነበረበት? እኔ ግን ምን አልሁ?

«ሉባባ ስትነካካው አይቻለሁ።»

ሉባባ ምላ ተገዝታ ካደች። ራህማ በጥፊ መታቻት። እኔ አየሁ፤ እኔ ዝም አልሁ። በሳምንቱ ሉባባ ሌባ ከምትለኝ ጋር አላድርም ብላ ልብሷን ጠቅልላ ሄደች። ትምህርቷን አቋርጣ አባቷ ሱቅ ተቀመጠች።

ዛሬ አስተማሪ ነኝ። የቡድኑን ኮንሰርቶች አንድ በአንድ ሰብስቤያለሁ፤ ያን ሲዲ ግን አንድም ቀን ከፍቼ አላየሁትም። ባለፈው ወር ይጁቤ ሄጄ ለራህማ ሰጠኋት፤ ሁሉንም ነገርኋት። አልጮኸችብኝም። ሲዲውን ወደ እኔ መልሳ ገፋችው።

«ለእኔ ምን ያደርግልኛል? ለሉባባ ንገሪያት» አለችና የእህቷን ስልክ ቁጥር ሰጠችኝ።

ሉባባ አግብታ ጉንደ ወይን ትኖራለች። ሦስት ጊዜ ደወልሁ። ሦስቱንም ጊዜ «አቤት፣ ማን ልበል?» ስትል ዘጋሁት። ክፍል ሙሉ ተማሪ ፊት የማይጠፋኝ ቃል እሷ ዘንድ ሲደርስ ይጠፋኛል። ልጅ ነበርሁ ልበላት? እሷ ከእኔ ታንስ ነበር። ቅናት ነው ልበላት? ጥፊውን የቀመሰችው እሷ ናት።

እናንተን ይቅር በሉኝ አልልም። ይቅርታው የሉባባ ነው፤ እሷ ደግሞ ገና አልሰማችም።