የካምቢዮ ዘይት

ዛሬ ጠዋት ጎረቤቴ ግቢው ውስጥ ጄኔሬተሩን አዘንብሎ ዘይቱን ሲያፈስ ሽታው በመስኮት ገባ። የተቃጠለ ዘይት ሽታ ብዙ ሰው አይወድም። እኔ መስኮቱን አልዘጋሁም። ስትመጣ እዚያ ቆሜ ያገኘኸኝ ለዚህ ነው።

አባቴ አዘዞ ላይ መካኒክ ነበር። ጋራዡና ቤታችን አንድ ግቢ ስለነበሩ ዘይት በጣቶቼ መሃል እያሸሁ ቀጭኑን ከወፍራሙ መለየት የለመድኩት ፊደል ከመቁጠሬ በፊት ነው። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ጎንደር ከተማ ለአንድ የእህል ነጋዴ ልጅ ተዳርኩ። ባሌ ወዶኝ፣ አባቱን ለምኖ ነው ያገባኝ። ቤተሰቡ ግን "የመካኒክ ልጅ" ሲል ድምፁን ዝቅ ያደርግ ነበር። እናቴም ስትሸኘኝ "አደራሽን፣ እዚያ ቤት ብረት እንዳትነኪ" ብላኛለች።

የባሌ አባት ከቆላ ድባ ጤፍና ኑግ የሚያስመጣ፣ ረዥም፣ ቁጥብ ሰው ነበር። የከተማው መብራት ሲጠፋ የሚያስነሣት ትንሽ ጄኔሬተር ነበረችው። ዘይቷን የሚቀይረው ራሱ ነው፤ ሌላ ሰው እንዲጠጋት አይፈቅድም።

የመጨረሻ ሴት ልጁ ሠርግ ከጥምቀት በኋላ ባለው እሑድ ነበር። መብራቱ በዚያ ሰሞን ሄድ መጣ ይል ስለነበር ዓርብ ጠዋት አሮጌውን ዘይት አፈሰሰና ከጭነት መኪና ነጂዎች ያስገዛውን አዲስ ዘይት ሞላ። ሁለት ሽማግሌዎች ፀሐይ ላይ ተቀምጠው ያዩታል። ሳህን ተሸክሜ በአጠገባቸው ሳልፍ ድኝ ድኝ የሚል ሽታ አፍንጫዬን መታኝ። በልጅነቴ የማውቀው ሽታ ነው፤ የሞተር ግን አይደለም። ካምቢዮ፣ ማርሹ ያለበት ሳጥን፣ ሲፈታ የሚሸት ነው።

የማስነሻውን ገመድ ሳበ። አልዞር አለች። ደግሞ ሳበ። ጠዋቱ ብርድ ነበር፣ ዘይቱም እንደ ማር ወፍሯል። ግንባሩ ላይ ላብ ሲወጣ አየሁ። ዝም ብዬ ማለፍ እችል ነበር።

"አባባ፣ ይሄ የካምቢዮ ዘይት ነው። ብትነሣም ይጎዳታል።"

አንዱ ሽማግሌ ከት ብሎ ሳቀ። "ምነው አያ! መካኒክ ነው እንዴ ለልጅህ ያመጣህ?"

የባሌ አባት አልሳቀም። "ቤት ግቢ" አለኝ፣ ፊቴን ሳያይ።

ጓዳ ገብቼ ሳህኖቹን አስቀመጥኩ። ባሌ ገበያ ወርዶ ነበር። ወደ አባቴ ቤት ይመልሱኛል ብዬ ልብሴ የትኛው ሣጥን ውስጥ እንዳለ አሰብኩ። ጥቂት ቆይቶ የጓዳው በር ጨለም አለ። የባሌ አባት ነው የቆመው።

"እርግጠኛ ነሽ?"

"ሽታው አይጠፋኝም።"

"ምን ይሻላል ታዲያ?"

"ሁሉም ይፍሰስ። ትንሽ ንጹሕ ዘይት ገብቶ ይጠባትና እሱም ይፍሰስ። ከዚያ ሠላሳ ቁጥር የሞተር ዘይት ይሞላ። አርባው ለቆላ ነው፣ ለዚህ ብርድ ይወፍራል። አባቴ ዘንድ አለ።"

በዚያ ቤት "አባቴ" የሚለውን ቃል ድምፄን ከፍ አድርጌ ስናገር የመጀመሪያዬ ነበር።

ሰው አልላከም፤ ራሱ አዘዞ ወረደ። ከምሳ በፊት የዘይቱን ጣሳ እንደ ሕፃን ታቅፎ ተመለሰ። ሽማግሌዎቹ እንደ ተቀመጡ ናቸው። እነሱ እያዩ ጄኔሬተሯ አጠገብ ጆንያ አነጠፈና "ነይ፣ ሥሪያት" አለኝ። ነጠላዬን ወገቤ ላይ አሰርኩ። የታችኛውን ቡሎን ፈታሁ፣ አፈሰስኩ፣ አጠብኩ፣ መልሼ አጠበቅሁ። አዲሱን ዘይት እሱ ቀስ እያለ ይጨምራል፣ እኔ መለኪያዋን እያወጣሁ አያለሁ። ዘይቱ ፀሐይ ላይ ቢጫ ነበር።

"አባትሽ ሸጋ ሰው ነው" አለኝ ድምፁን ሳይቀንስ። "እሑድ ና ብዬዋለሁ።"

ገመዷ ሁለተኛ ሲሳብ ተነሣች። ከት ብሎ የሳቀው ሽማግሌ አጨበጨበ።

እሑድ መብራት አልጠፋም። ጄኔሬተሯም ሸራ ለብሳ ዋለች። እኔ ወጥ እያቀረብኩ ዓይኔ በሩ ላይ ነበር፤ አባቴ አልመጣም። አፍሮ ቀረ ብዬ ተቀየምኩት። ለብዙ ወራት ቅያሜው አልወጣልኝም።

እውነቱን የነገረችኝ እናቴ ናት፤ እሱ ከሞተ በኋላ። በዚያ እሑድ ጥፍሩ ውስጥ የገባውን ጥቁር በአመድና በሎሚ ፈትጎ፣ ነጭ ልብሱን ለብሶ ከደጃፉ ተቀምጧል። "ይሄኔ መኪና ልከዋል" ይላል። አማች ሳይወሰድ በገዛ እግሩ ሠርግ ቤት አይገባም፤ እሱ እንዲያ ነው የሚያውቀው። በዚያ ግርግር መኪና መላኩን ያስታወሰ ሰው አልነበረም። ፀሐይ እስክትጠልቅ ተቀመጠ፤ ከዚያ ልብሱን አጣጥፎ አኖረው።

አባቴ የሞተው ከሠርጉ በኋላ በሁለተኛው ዓመት ነው። ቀብሩ ላይ የባሌ አባት ሰው ሁሉ እስኪበተን ቆመ። ከዚያ ወደ እኔ መጣና ዓይኑን ከአፈሩ ሳያነሣ፣

"ቤቴን ሳላሳየው" አለ።

ክንዱን ያዝኩትና ቁልቁለቱን አብረን ወረድን።