ደብዳቤዋን የለቀምኩት እኔ ነኝ

ማተሚያ ቤት በገባሁበት የመጀመሪያ ቀን ለኅትመት የሚደረደር አንድም ፊደል አልለቀምኩም። የፊደል ለቃሚዎች አለቃ አያ ገብረዝጊ፣ እኛ «ካፖ» የምንላቸው፣ ጠዋቱን ሙሉ በሳጥኖቹ ፊት አቁመው የእያንዳንዱን የእርሳስ ብረት ፊደል ማደሪያ አስጠኑኝ። የአማርኛ ሳጥን ሰፊ ነው፤ ከ«ሀ» ተነሥቶ «ፐ» ለመድረስ መራመድ ይጠይቃል። ከብዛቱ የተነሣ ራሴን አዞረኝ።

ምሳ ሰዓት ሲደርስ ወደ ቧንቧው ወሰዱኝ። እርሳስ ሆድ ስለሚጎዳ እጅ ሳይታጠቡ መብላት ክልክል ነበር። እኔ ስታጠብ እሳቸው ሳሙናውን እንደያዙ ሁለተኛውን ሕግ ነገሩኝ።

«ስማኝ ኪዳነ። የሰውን ጽሑፍ ከሁሉ ቀድመን የምናየው እኛ ነን። ውለህ አድረህ የማን እጅ እንደሆነ መለየትህ አይቀርም። ትለያለህ፣ አትናገርም። ተረዲኡካዶ?»

«እወ አያ፣ ገብቶኛል» አልኩ።

እውነትም መለየቴ አልቀረም። በሁለተኛው ዓመት አንድ የመሥሪያ ቤት ጸሐፊ የገዛ አለቃውን የሚወጋ ጽሑፍ በብዕር ስም ላከ። አለቃው ማተሚያ ቤት ድረስ መጥተው «ይሄንን የጻፈው ማነው?» እያሉ በየሳጥናችን ዞሩ። እኔ ጸሐፊውን በእጅ ጽሑፉ አውቄው ነበር። «አላውቅም ጌታዬ» አልኳቸው። አያ ገብረዝጊ ያን ቀን ሻሂ ጋበዙኝ። ራሴን ሙሉ ባለሙያ አድርጌ ቆጠርኩ።

ከእኛ ክፍል ቀጥሎ ማጠፊያ ክፍል ነበር። የታተመውን የሚያጥፉት፣ የሚሰፉትና ለየሰፈሩ የሚያስሩት ሴቶች ናቸው። ሲቀጠሩ አንድ ወረቀት ይፈርማሉ፤ ያገባች ትሰናበታለች ይላል። እኛ ወንዶቹ ስናገባ ግን ሥራ አስኪያጁ ሦስት ቀን ፈቃድ ሰጥተው እንኳን ደስ ያለህ ይሉን ነበር። ነገሩ አንድ ቀን እንኳ ከንክኖኝ አያውቅም።

ከሴቶቹ አንዷ ለተብርሃን ነበረች። እናቷንና ሁለት ታናናሾቿን የምታስተዳድረው እሷ ናት። በየጥቅሉ ላይ የአስመራን ሰፈሮች ስም፣ «ጎዳይፍ»፣ «ፓራዲዞ»፣ «ጥራቮሎ» ብላ የምትጽፈውም እሷ ነበረች። እንደ እኔ አማርኛን ትምህርት ቤት የተማረች፣ ጽሕፈቷም የሚያምር፤ የ«ፍ»ን እግር ብቻ ከልክ በላይ ትጎትተዋለች። አንድ ጊዜ ፊደል መልቀም ልማር ብላ አያ ገብረዝጊን ጠይቃ ነበር። «የሴት እጅ የሚሆነው ለማጠፍ ነው ጓለይ» ብለው እንደ ልጃቸው እያባበሉ መለሷት።

አስመራ የጠቅላይ ግዛት ከተማ በተባለችበት በዚያ ዘመን፣ የምናትመው የአማርኛ ጋዜጣ ለአንባቢዎች ክርክር ከፈተ። ሴት ልጅ ከቤቷ ወጥታ ትሥራ ወይስ አትሥራ? ደብዳቤው ጎረፈ። እኔም «የቤት ወዳጅ» በሚል ስም ጻፍኩና የገዛ ጽሑፌን ራሴ ለቀምኩት። «ሥራ የያዘች ሴት ቤቷን ትንቃለች» ብዬ ነበር። ያኔ አላገባሁም፤ ስለ ቤት የማውቀው እናቴ የሠራችውን መብላት ብቻ ነው። ቢሆንም ሰዎች «የቤት ወዳጅ ልክ ልካቸውን ነገራቸው» ሲሉ በሰማሁ ቁጥር ደረቴን እነፋ ነበር።

ሁለት ሳምንት ቆይቶ አያ ገብረዝጊ አንድ ደብዳቤ እንድለቅም ሰጡኝ። ፊርማው «አንዲት ሠራተኛ» ይላል። የእኔን ጽሑፍ እያንዳንዷን ነጥብ እያነሣች ታፈርሰዋለች። «የቤት ወዳጅ ቤት ሲጠርግ ያየው ሰው ካለ ይንገረኝ» ትላለች። ወረድ ብላም እንዲህ ጽፋለች፦ «እኔ ካገባሁ ዓመት ከመንፈቅ ሆነኝ። ቢታወቅ ከሥራ ስለምወጣ ቀለበቴን ከማተቤ ጋር አስሬ ልብሴ ውስጥ ይዤዋለሁ። ቤቴንም እወዳለሁ፣ ሥራዬንም እወዳለሁ። ሁለቱን መውደዴን ግን እንደ ሌባ እደብቃለሁ።»

የ«ፍ»ዎቹ እግር ሁሉ ተጎትቷል።

ደብዳቤውን አንድ ፊደል ሳልስት ለቀምኩት። ፊቴ ግን ይግል ነበር። የተዋረድኩ መሰለኝና ተናደድኩ።

የአራት ሰዓት ሻሂ የምንጠጣው ከማተሚያ ቤቱ ፊት ለፊት ካለች ትንሽ ባር ነው። ወንዶቹ እንደተቀመጡ፣ «ዛሬ በለቀምኩት ደብዳቤ የቤት ወዳጅን ያዋረደችውን ታውቋታላችሁ?» አልኩ።

«መን እያ?» አለ አንዱ።

«ለተብርሃን ናት። ደግሞ አግብታላችኋለች፤ ቀለበቷን አንገቷ ላይ ነው የደበቀችው።»

ሳቁ። እኔም ሳቅኩ። «እንዴት አወቅህ?» ሲሉኝ «እጇን ለይቼው ነዋ» አልኩ፣ በሙያዬ እየኮራሁ።

ከምሳ በኋላ ሥራ አስኪያጁ ጠሯት። ማን እንደነገራቸው እስከ ዛሬ አላውቅም፤ ማወቁም አይጠቅመኝም፣ የጀመርኩት እኔ ነኝ። እዚያ የነበረው የሥራ አስኪያጁ ጸሐፊ የሆነውን ነገረን። «አግብተሻል?» አሏት። «አዎ ጌታዬ።» «የፈረምሽውን ታውቂዋለሽ?» «አውቀዋለሁ። ካልፈረምሽ ሥራ የለም ስላሉኝ ነው የፈረምኩት።» የስንብት ደብዳቤዋን ወዲያው ሰጧት።

ስትወጣ በእኛ ክፍል መጣች። ከሳጥኔ አጠገብ ቆመች።

«ኪዳነ ሓወይ፣ ወንድሜ፣ ደብዳቤዬን የለቀምከው አንተ ነህ?»

«እኔ ነኝ።»

«ስሕተት ነበረው?»

«አልነበረውም።»

«ደሓን» አለች። ድምጿን ከፍ አላደረገችም። ነጠላዋን አስተካክላ ወጣች። ቀለበቷን ጣቷ ላይ አድርጋው ነበር። ይቅርታ ልላት እችል ነበር፤ አጎንብሼ ሳጥን ውስጥ ፊደል የምፈልግ መሰልኩ።

በማግሥቱ አያ ገብረዝጊ ቧንቧው ዘንድ አገኙኝ። ታጥበው ሲጨርሱ ሁልጊዜ ሳሙናውን በእጄ ያቀብሉኝ ነበር። ያን ቀን ድንጋዩ ላይ አስቀምጠውት ሄዱ።

ቅዳሜ ጋዜጣው ወጣ። ደብዳቤዋ እንደለቀምኩት ነበር። ጥቅሎቹ ላይ «ጎዳይፍ» ብላ የጻፈችው ግን ሌላ ልጅ ናት።

ከዓመታት በኋላ እኔ ራሴ ካፖ ሆንኩ። ከማጠፊያ ክፍል አንዲት ልጅ መጥታ «ፊደል መልቀም አስተምሩኝ» አለችኝ። ለለተብርሃን ያላደረግኩትን ለእሷ ላደርግ የምችልበት ጊዜ ነበር። «ሥራ አስኪያጁን ልጠይቅልሽ» አልኳት። አልጠየቅሁም። ወንዶቹ ይስቁብኛል ብዬ ፈራሁ። ልጅቷ ሁለት ጊዜ ተመልሳ ጠየቀችኝና ተወችው። ይህንን ስጽፍ አሁንም አፍራለሁ።

አለቃውን የወጋውን የዚያን ጸሐፊ ስም የደበቅሁት ሕጉን አክብሬ ይመስለኝ ነበር። ለካ ጸሐፊው ወንድ ስለሆነና ጉዳዩ ቁም ነገር ስለመሰለኝ ነው። የለተብርሃንን ቁም ነገር ብዬ አልቆጠርኩትም፤ የሻሂ ጨዋታ አደረግኩት። ፊደል ለቃሚ ያነበበውን አይናገርም። ሕጉ ለሴትም ነበር።